«ዴር» መቼ «ዴን»፣ መቼ «ዴም» ይሆናል? የጀርመንኛን አራት ሙያዎች በአማርኛ ሰዋስው መለየት

ለቤተሰብ ማገናኘት ቪዛ ኤ1 የሚፈተነውም፣ ለነርስነት ሥልጠና ቢ1 እና ቢ2 የሚያጠናውም የሚሰናከለው እዚሁ ላይ ነው። ሠንጠረዡን «ዴር፣ ዴን፣ ዴም፣ ዴስ» እያለ እንደ ዳዊት ይደግመዋል። አንድ ዓረፍተ ነገር ሊናገር አፉን ሲከፍት ግን የትኛውን እንደሚያነሳ ይጠፋዋል።

ችግሩ የማስታወስ አይደለም። ሠንጠረዡ መልስ የሚሰጠው ሁለት ጥያቄዎች አስቀድመው ከተመለሱ ነው፦ የስሙ ጾታ ምንድን ነው? በዚህ ዓረፍተ ነገር ውስጥስ ሙያው፣ ማለትም ባለቤት፣ ተሳቢ፣ ተቀባይ ወይስ ዘርፍ መሆኑ፣ ምንድን ነው? ሁለተኛውን ጥያቄ ለመመለስ እንግሊዝኛ ብዙም አይረዳም፤ የስም ሙያ ምልክቶቹን ከሞላ ጎደል ጥሏቸዋል። አማርኛ ግን «ን» እና «ለ» አሉት። ከታች ያለው ቅደም ተከተል በእነዚህ ሁለት ምልክቶች ላይ የቆመ ነው። የሚያሳስቱባቸው ቦታዎችም ስላሉ እነሱን ሳትዘሉ አንብቡ።

የጀርመንኛ ቃላትን እዚህ የጻፍነው በፊደላችን፣ በድምፅ ግምት ነው። ትክክለኛ አጻጻፋቸውን ከመዝገበ ቃላት ውሰዱ።

ከመጀመራችሁ በፊት

የሚያስፈልጉት፦

- አንድ ደብተርና ሦስት ቀለም እስክርቢቶ፦ ሰማያዊ ለ«ዴር»፣ ቀይ ለ«ዲ»፣ አረንጓዴ ለ«ዳስ»።
- ስሙን ከነአመልካቹ («ዴር»፣ «ዲ» ወይም «ዳስ»)፣ ከነዘርፍ ቅጥያውና ከነብዙ ቁጥሩ የሚያሳይ መዝገበ ቃላት። «ዱደን» ሦስቱንም ይሰጣል። የቃል ትርጉም ብቻ የሚሰጥ የስልክ መተግበሪያ አይበቃም።
- የአሁን ጊዜ የግስ እርባታ። እሱን ገና ካልያዛችሁ መጀመሪያ እሱን ጨርሱ።
- ቢያንስ 100 የምታውቋቸው ስሞች።

ይህን ሠንጠረዥ በአንድ ወረቀት ላይ በእጃችሁ ገልብጡ። ቅደም ተከተሉ ተባዕታይ፣ አንስታይ፣ ግዑዝ፣ ብዙ ቁጥር ነው።

ባለቤት፣ ኖሚናቲፍ፦ ዴር – ዲ – ዳስ – ዲ
ተሳቢ፣ አኩዛቲፍ፦ ዴን – ዲ – ዳስ – ዲ
ተቀባይ፣ ዳቲፍ፦ ዴም – ዴር – ዴም – ዴን
ዘርፍ፣ ጌኒቲፍ፦ ዴስ – ዴር – ዴስ – ዴር

ከመሸምደዳችሁ በፊት ትንሽ ተመልከቱት። በአኩዛቲፍ የሚቀየረው ተባዕታዩ ብቻ ነው። በዳቲፍ ተባዕታይና ግዑዝ አንድ ናቸው። «ዴም» ከዳቲፍ ውጭ የትም አይገኝም፣ «ዴስ»ም ከጌኒቲፍ ውጭ የለም። «ዴር» ግን አራት ቦታ ላይ አለ። ስለዚህ ስታነቡ «ዴር» ባያችሁ ቁጥር «ተባዕታይ ነው» ብላችሁ አትለፉ። «ሚት ዴር ፍራው» ውስጥ ያለው «ዴር» የአንስታይ ዳቲፍ ነው።

ደረጃ 1፦ ስሙን ከነጾታው ያዙ

በአማርኛ ዕቃን እንደ ስሜታችን «መኪናው» ወይም «መኪናዋ» እንላለን። ትንሽ የሆነውን፣ የወደድነውን ነገር በአንስታይ እንጠራለን። ጀርመንኛ ውስጥ ይህ ነፃነት የለም፣ ጾታው ከቃሉ ጋር ተጣብቋል። ሎጂክም አትፈልጉለት። ፀሐይ እንደኛው አንስታይ ናት፣ «ዲ ዞነ»። ጨረቃ ግን ተባዕታይ ነው፣ «ዴር ሞንት»። ልጃገረድ ደግሞ ግዑዝ ናት፣ «ዳስ ሜድሸን»፤ ምክንያቱ «‑ሸን» የሚለው የማሳነሻ ቅጥያ ያለበት ቃል ሁሉ «ዳስ» መሆኑ ነው።

1. በቀን 10 ስም ብቻ ውሰዱ። አመልካቹን፣ ስሙንና ብዙ ቁጥሩን በጾታው ቀለም ጻፉ፦ «ዴር ቲሽ፣ ዲ ቲሸ»።
2. ሦስቱንም በአንድ ትንፋሽ ጮክ ብላችሁ በሉ። አመልካቹ የስሙ የመጀመሪያ ክፍል ይመስል አብሮ ይጠራ።
3. አምስት ቀን ከሠራችሁ በኋላ በስድስተኛው ቀን አዲስ ቃል አትጨምሩ። ሃምሳዎቹን ብቻ ከልሱ።

ቅጥያውን አይታችሁ ጾታውን የምታውቁባቸው ቃላት ብዙ ናቸው። «‑ኡንግ»፣ «‑ሃይት»፣ «‑ካይት»፣ «‑ሻፍት»፣ «‑ቴት» እና «‑ጽዮን» ሁሉም «ዲ» ናቸው፦ «ዲ ቮኑንግ» መኖሪያ ቤት፣ «ዲ ክራንክሃይት» በሽታ፣ «ዲ ሽታጽዮን» የሆስፒታል ክፍል። «‑ሊንግ» እና «‑ኢስሙስ» «ዴር» ናቸው። የሳምንቱ ቀናት፣ ወራትና ወቅቶችም እንዲሁ። ግስ እንደ ስም ሲያገለግል «ዳስ» ይሆናል፦ «ዳስ ኤሰን» ምግብ ወይም መብላት።

በ«‑ኤ» ድምፅ የሚያልቁ ስሞች አብዛኞቹ «ዲ» ናቸው፤ ግን «ዴር ናመ»፣ «ዴር ኮሌገ»፣ «ዳስ አውገ» እና «ዳስ ኤንደ» ከዚህ ያፈነግጣሉ። የተጣመረ ቃል ጾታውን የሚወስደው ከመጨረሻው ክፍል ነው። «ዳስ ሃውስ» እና «ዲ ቲዩር» ሲጣመሩ «ዲ ሃውስቲዩር» ይሆናሉ።

⚠ «‑ኡንግ» ቅጥያ ሳይሆን የቃሉ ሥር ሲሆን ሕጉ አይሠራም፦ «ዴር ሽፕሩንግ» ዝላይ።

ከተሳሳታችሁ፦ ቃሉን ያለ አመልካች ለምዳችሁት ከሆነ አመልካቹን ለብቻው ለማስታወስ አትታገሉ። ቃሉን እንደ አዲስ ቁጠሩትና በቅጽል አስገብታችሁ በሦስት አጫጭር ዓረፍተ ነገሮች ያዙት።

ደረጃ 2፦ ግሱንና ባለቤቱን ለዩ

መጀመሪያ ማሰሪያ አንቀጹን ፈልጉ። ከዚያ ማን እንዳደረገው ጠይቁ። እሱ ባለቤት ነው፤ ኖሚናቲፍ ይሆናል።

መጀመሪያ የተቀመጠው ስም ሁልጊዜ ባለቤት ነው ብላችሁ አታስቡ። «ዴን ማን ባይስት ዴር ሁንት» ማለት ሰውየውን ውሻው ይነክሰዋል ማለት ነው። «ሰውየውን» ቀድሞ መምጣቱ አማርኛ ተናጋሪን ሊያስደነግጠው አይገባም፤ እኛም ዘወትር እንዲህ እንላለን።

«ነው»፣ «ሆነ» እና «ይባላል» በሚሉ ግሶች ዙሪያ ያሉት ሁለቱም ስሞች ኖሚናቲፍ ናቸው። «ኤር ኢስት አይን ጉተር አርትስት»፣ ጎበዝ ሐኪም ነው። በአማርኛም «ሐኪምን ነው» አይባልም።

ደረጃ 3፦ በ«ን» ፈትኑ

ዓረፍተ ነገሩን በአማርኛ በሉት። ስሙ «ን» ከተቀበለ አኩዛቲፍ ነው። «ሐኪሙን አየዋለሁ» ሲባል «ኢሽ ዜሄ ዴን አርትስት» ይሆናል።

ስህተቱ የሚበዛው እዚህ ነው። አማርኛ «ን»ን የሚያስገባው በአብዛኛው ስሙ ሲታወቅ ብቻ ነው። «ኮት እገዛለሁ» ስንል «ን» የለም። ጀርመንኛ ግን ኮቱ ታወቀም አልታወቀ ምልክቱን ይጠይቃል፦ «ኢሽ ካውፈ አይነን ማንተል»። ብዙዎች «አይን ማንተል» ብለው የሚሳሳቱት በአማርኛው «ን» ስላልተሰማቸው ነው። መፍትሔው፦ ከመፈተናችሁ በፊት ስሙን የታወቀ አድርጉት። «ኮቱን እገዛለሁ» ያስኬዳል፤ ስለዚህ አኩዛቲፍ ነው።

ፈተናው ጨርሶ የማይሠራባቸው ግሶችም አሉ። በአማርኛ ነገሩ ባለቤት፣ በጀርመንኛ ግን ተሳቢ የሚሆንባቸው ናቸው። በቃል ያዟቸው፦

- አለኝ፦ «ወንድም አለኝ» ሲባል «ኢሽ ሃበ አይነን ብሩደር»።
- ያስፈልገኛል፦ «ሐኪም ያስፈልገኛል» ሲባል «ኢሽ ብራውኸ አይነን አርትስት»።
- አለ፦ «እዚህ ባቡር ጣቢያ አለ» ሲባል «ሂር ጊፕት ኤስ አይነን ባንሆፍ»።

በተቃራኒው «ራሴን አመመኝ» ውስጥ «ን» አለ፤ በጀርመንኛ ግን ራስ ባለቤት ይሆናል፦ «ሚር ቱት ዴር ኮፕፍ ቬ»። ሐኪም ዘንድ ስትሄዱ በመጀመሪያ የምትፈልጓት ዓረፍተ ነገር ይህች ናት፤ እንዳለች አጥኗት።

ደረጃ 4፦ በ«ለ» ፈትኑ

«ለልጁ ኳሱን እሰጠዋለሁ» ውስጥ «ለልጁ» ዳቲፍ፣ «ኳሱን» አኩዛቲፍ ነው፦ «ኢሽ ጌበ ዴም ኪንት ዴን ባል»። ሁለቱም ስም ከሆኑ ዳቲፉ ይቀድማል። ተሳቢው ተውላጠ ስም ከሆነ ግን እሱ ይቀድማል፦ «ኢሽ ጌበ ኢን ዴም ኪንት»።

ሁሉም «ለ» ዳቲፍ አይደለም። ዕቃው ወይም ቃሉ ወደ ሰውየው የሚደርስ ከሆነ፣ ማለትም ሰጠ፣ አሳየ፣ ነገረ፣ ላከ ሲባል፣ ዳቲፍ ነው። ሥራው ስለ ሰውየው ሲባል የተሠራ ከሆነ፣ እንደ «ሠራሁላት» እና «አበሰልኩላት»፣ «ፊዩር» የሚለውን መስተዋድድ ከአኩዛቲፍ ጋር ተጠቀሙ። «ለሦስት ዓመት እዚህ ኖሬአለሁ» የሚለውን «ለ» ደግሞ በ«ፊዩር» አትተርጉሙ። «ኢሽ ቮነ ዛይት ድራይ ያረን ሂር» ነው፤ ግሱም በአሁን ጊዜ ይቀራል።

አማርኛችን የሚያሳስትባቸውን ግሶች በተለየ ገጽ ጻፉ፦

«ን» እንላለን፣ ጀርመንኛ ግን ዳቲፍ ይፈልጋል፦ ሄልፈን (መርዳት)፣ ዳንከን (ማመስገን)፣ ፎልገን (መከተል)፣ ጹሄረን (ማዳመጥ)፣ ግላውበን (ሰውን ማመን)። «ሰውየውን እረዳዋለሁ» ሲባል «ኢሽ ሄልፈ ዴም ማን» ይሆናል እንጂ «ዴን ማን» አይደለም።

«ለ» እንላለን፣ ጀርመንኛ ግን አኩዛቲፍ ይፈልጋል፦ አንሩፈን (መደወል)። «ለወንድሜ እደውላለሁ» ሲባል «ኢሽ ሩፈ ማይነን ብሩደር አን»።

አማርኛ የሚያግዝባቸውም አሉ። ደስ አለኝ፣ ጣመኝ፣ በረደኝ ስንል ሰውየው ባለቤት አይደለም፣ ነገሩ የሚደርስበት ነው። ጀርመንኛም እንዲሁ ያስባል፦ «ኤስ ገፌልት ሚር»፣ «ኤስ ሽሜክት ሚር»፣ «ሚር ኢስት ካልት»። ለብርድ «ኢሽ ቢን ካልት» አትበሉ፤ ስሜት የለሽ ሰው ነኝ እንደማለት ይሰማል። ራበኝና ጠማኝ ግን በ«ሃበን» ይሄዳሉ፦ «ኢሽ ሃበ ሁንገር»፣ «ኢሽ ሃበ ዱርስት»።

ደረጃ 5፦ ከስሙ በፊት መስተዋድድ ካለ የ«ን»ን እና የ«ለ»ን ፈተና ተዉት

መስተዋድድ ካለ የሚወስነው እሱ ነው።

- ሁልጊዜ አኩዛቲፍ፦ ዱርሽ፣ ፊዩር፣ ጌገን፣ ኦነ፣ ኡም።
- ሁልጊዜ ዳቲፍ፦ አውስ፣ ባይ፣ ሚት፣ ናኽ፣ ዛይት፣ ፎን፣ ጹ፣ ጌገንዩበር።
- እንደ አገባቡ፦ አን፣ አውፍ፣ ሂንተር፣ ኢን፣ ኔበን፣ ዩበር፣ ኡንተር፣ ፎር፣ ጽቪሸን።
- ጌኒቲፍ፦ ቬገን፣ ቬረንት፣ ትሮጽ። በንግግር «ቬገን»ን በዳቲፍ ሲሉ ትሰማላችሁ፤ በፈተና ጽሑፍ ላይ ግን ጌኒቲፉን ተጠቀሙ።

ዘጠኙ ሁለት ፊት ያላቸው ናቸው። በአማርኛ «ጠረጴዛው ላይ» ስንል መጽሐፉን ስናስቀምጠውም፣ ተቀምጦ ሲገኝም «ላይ» ያው «ላይ» ነው፤ ልዩነቱን የሚነግረን ግሱ ነው። በግሱ ለዩ፦ አስቀመጠ ከሆነ አኩዛቲፍ፣ ተቀመጠ ከሆነ ዳቲፍ። አቆመ ከሆነ አኩዛቲፍ፣ ቆመ ከሆነ ዳቲፍ። «ኢሽ ሌገ ዳስ ቡኽ አውፍ ዴን ቲሽ»፣ መጽሐፉን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣለሁ። «ዳስ ቡኽ ሊክት አውፍ ዴም ቲሽ»፣ መጽሐፉ ጠረጴዛው ላይ ነው።

⚠ «እንቅስቃሴ ካለ አኩዛቲፍ» የሚለው የተለመደ ምክር ግማሽ እውነት ነው፤ በሁለት ቦታ ይጥላል። አንደኛ፣ ፓርክ ውስጥ የሚሮጥ ሰው ይንቀሳቀሳል፣ ቦታው ግን አልተለወጠም፦ «ኤር ሎይፍት ኢም ፓርክ»፣ ዳቲፍ። ከውጭ ወደ ፓርኩ የሚገባ ከሆነ ብቻ «ኢን ዴን ፓርክ» ይባላል። ሁለተኛ፣ ሕጉ ከዘጠኙ ውጭ አይወጣም። «ጹ» መሄድን ቢያሳይም ሁልጊዜ ዳቲፍ ነው፦ «ኢሽ ጌሄ ጹም አርትስት»።

አጭር ቅርጾቹን ሰንጥቃችሁ እወቁ። «ኢም» ማለት ኢን ዴም፣ «ጹም» ጹ ዴም፣ «ጹር» ጹ ዴር፣ «ኢንስ» ኢን ዳስ ነው። «ኢም ዴም» ብሎ መጻፍ አመልካቹን ሁለት ጊዜ መድገም ነው።

ደረጃ 6፦ አሁን ወደ ሠንጠረዡ ሂዱ

ጾታውም ሙያውም ታውቋል። አመልካቹን ካነበባችሁ በኋላ ሦስት ነገር አረጋግጡ፦

1. ብዙ ቁጥር ዳቲፍ ከሆነ ስሙም «‑ን» ይጨምራል፦ «ሚት ዴን ኪንደርን»። በ«‑ን» ወይም በ«‑ስ» ያለቀ ብዙ ቁጥር አይጨምርም።
2. ተባዕታይ ወይም ግዑዝ ጌኒቲፍ ከሆነ ስሙ በአብዛኛው «‑ስ» ይይዛል።
3. እንደ ፓጽየንት፣ ኮሌገ፣ ናመ ያሉ ተባዕታይ ስሞች ከኖሚናቲፍ ነጠላ ውጭ በ«‑ን» ወይም በ«‑ኤን» ይረዝማሉ። የታካሚን ስም በየቀኑ የምታነሱ ነርሶች ይህችን አትርሷት።

ቅጽል ከገባ፦ ከ«ዴር፣ ዲ፣ ዳስ» በኋላ አምስት ሳጥን ብቻ «‑ኤ» ይወስዳሉ፤ እነሱም ሦስቱ የነጠላ ኖሚናቲፎችና የአንስታይና የግዑዝ አኩዛቲፍ ናቸው። የቀሩት በሙሉ «‑ኤን»። ከ«አይን» በኋላ አመልካቹ ራቁቱን በቀረበት ቦታ ጾታውን ቅጽሉ ይሸከማል፦ «አይን ጉተር አርትስት»፣ «አይን ጉተስ ቡኽ»።

አንድ ዓረፍተ ነገር ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ

«ነርሷ ለታካሚው ክኒኑን ከምግብ በኋላ ትሰጠዋለች።»

ግሱ «ትሰጣለች»፣ ጊፕት። የምትሰጠው ነርሷ ናት፤ ባለቤት፣ አንስታይ፦ ዲ ፕፍሌገሪን። «ለታካሚው»፤ ነገሩ ወደ እሱ ይደርሳል፣ ስለዚህ ዳቲፍ። ተባዕታይ በመሆኑ ዴም፣ ስሙም ይረዝማል፦ ዴም ፓጽየንተን። «ክኒኑን»፤ «ን» አለ፣ አኩዛቲፍ። ታብሌተ አንስታይ ስለሆነች አትቀየርም፦ ዲ ታብሌተ። «ከምግብ በኋላ»፤ መስተዋድዱ ናኽ ነው፣ ሁልጊዜ ዳቲፍ። ኤሰን «ዳስ» ነው፦ ናኽ ዴም ኤሰን።

«ዲ ፕፍሌገሪን ጊፕት ዴም ፓጽየንተን ዲ ታብሌተ ናኽ ዴም ኤሰን።»

በዚህ መንገድ በቀን አምስት ዓረፍተ ነገር በጽሑፍ ፍቱ። መጀመሪያ ላይ አንዱ ብዙ ደቂቃ ይወስዳል፤ ደረጃ አትዝለሉ። ደረጃውን ሳታስቡት መልሱ መምጣት ሲጀምር ወደ ንግግር እለፉ።

ስትናገሩ ጾታው ቢጠፋባችሁ

አትቁሙ። ዳቲፍ ከሆነ ጥያቄው አንድ ብቻ ነው፣ አንስታይ ነው አይደለም? ካልሆነ «ዴም»። አኩዛቲፍ ከሆነ ደግሞ፣ ተባዕታይ ነው አይደለም? ከሆነ «ዴን»። ትርጉሙ ከፈቀደ ወደ ብዙ ቁጥር ቀይሩት፤ በኖሚናቲፍና በአኩዛቲፍ ለሦስቱም ጾታ «ዲ» ነው። ቤት ስትገቡ ያ ቃል በዕለቱ አሥር ስሞች ውስጥ ይግባ።

«ዴም» እና «ዴን» በጆሮ ካልተለዩላችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡ፣ «ም» ላይ ከንፈራችሁ መገጠሙን በጣታችሁ አረጋግጡ። አፋችሁ ያልለየውን ጆሯችሁ አይለየውም።

ሩሲያኛ ለምትማሩ

ቅደም ተከተሉ ያው ነው፤ አመልካች ስለሌለ የሚቀየረው የስሙ መጨረሻ ይሆናል። ጾታው ግን ይቀላል፤ በተናባቢ ያለቀ ተባዕታይ፣ በ«አ» ያለቀ በአብዛኛው አንስታይ፣ በ«ኦ» ያለቀ ግዑዝ ነው። በለስላሳ ምልክት (ь) የሚያልቁትን ብቻ አንድ በአንድ አጥኑ።

ሙያዎቹ ስድስት ናቸው። በ«ን» ስትፈትኑ አንድ ጥያቄ ጨምሩ፦ ነፍስ አለው? «ክኒጋ» (መጽሐፍ) ተሳቢ ሲሆን «ክኒጉ» ይሆናል። ተባዕታዩ «ስቶል» (ጠረጴዛ) ነፍስ ስለሌለው አይቀየርም፤ «ስቱዴንት» ግን ስላለው «ስቱዴንታ» ይሆናል።

አሳሳች ግሶቹ ከጀርመንኛው የተለዩ ስለሆኑ ሁለቱን አብራችሁ የምታጠኑ ተጠንቀቁ። መደወል በሩሲያኛ እንደ አማርኛው ተቀባይ ሙያን ይወስዳል። ማመስገን እንደ አማርኛው ተሳቢን ይወስዳል። መርዳትና ማመን ግን እንደ ጀርመንኛው ተቀባይ ናቸው። ቦታን በሚያሳዩ መስተዋድዶች ላይ ሁለቱ ይመሳሰላሉ፤ ወደ ትምህርት ቤት ሲሄዱ «ፍ ሽኮሉ»፣ እዚያው ሲሆኑ «ፍ ሽኮልዬ»።

የኛ «በ» ሦስት ቦታ ይከፈላል። «በእስክርቢቶ» ያለ መስተዋድድ በመሣሪያ ሙያ ብቻ ይነገራል፣ «ሩችኮይ»። «በአውቶቡስ» ከ«ና» ጋር «ና አፍቶቡስዬ» ይሆናል። ቦታ የሚያሳየው «በ» ደግሞ እንደ ቦታው «ፍ» ወይም «ና» ይወስዳል፤ የትኛውን እንደሚወስድ ከቃሉ ጋር አብራችሁ ያዙ። «የለም» በሚለው ዓረፍተ ነገር ውስጥ የጠፋው ነገር ዘርፍ ሙያ ይይዛል፦ «ኔት ቭሬመኒ»፣ ጊዜ የለም። ቁጥርም እንዲሁ ስሙን ይጎትተዋል፤ ከ2 እስከ 4 ነጠላ ዘርፍ፣ «ድቫ ስታላ»፤ ከ5 ጀምሮ ብዙ ቁጥር ዘርፍ፣ «ፒያት ስታሎፍ»። 21 ላይ ስሙ ወደ ነጠላ ባለቤት ይመለሳል፤ የሚወስነው የመጨረሻው አሃዝ ነውና። ከ11 እስከ 14 ያሉት ግን ከዚህ ውጭ ናቸው፤ ሁሉም እንደ 5 ይቆጠራሉ።